ሳይወጣ የገባው ጨዋታ

ሰኞ፣ ኅዳር 3፤ ጠዋት 2፡15

ቁልፍ ቆጠርኩ። አሥራ አንድ። ልክ ነው። የጓሮው በር ቁልፍ ግን እኔ ከሰቀልኩበት ምስማር ወርዶ ሌላ ምስማር ላይ ተንጠልጥሏል። እኔ አልነካሁትም። ማን ነካው?

ደብተሬ፣ አዲሱ ኮምፒውተር ዛሬ ገባ። ከአዲስ አበባ በጭነት መኪና፣ ካርቶኑ ቀይ አፈር ለብሶ። በሞዴል 19 ገቢ አደረግሁት፦ ስክሪን 1፣ ሣጥን 1፣ ኪቦርድ 1፣ ማውዝ 1፣ የአቧራ ልብስ 1። ማውዙን ሁለት ጊዜ ቆጠርኩ። ትንሽ ዕቃ ነው፣ ኪስ ይገባል። አሮጌው ኮም. በሁለት ሳምንት ውስጥ በሞዴል 22 ወጪ ሆኖ ለቶንጎው ጽ/ቤት ይላካል። ክልል ከሆንን ወዲህ ወረዳው ሁሉ ዕቃ ዕቃ ይላል። ዕቃ ጠያቂ እንጂ ዕቃ ጠባቂ የሚጠይቅ አላየሁም።

ያው ዕለት፤ 7፡10

ሙቀቱ ስለሚበረታ መ/ቤቱ ከ6፡30 እስከ 9፡00 ዝግ ነው። ሰው ሁሉ ቤቱ ይገባል። ኮፍያዬን ረስቼ ተመለስኩ። ጄኔሬተሩ ይሠራል። በምሳ ሰዓት። የኮም. ክፍል በር ከውስጥ ተቆልፏል። አንኳኳሁ። ወ/ሪት አስያ ከፈተች። ጸሐፊያችን ናት፤ የመንጌ ወረዳ ልጅ፣ በብሔሯ ቤርታ፣ ከተቀጠረች ስድስት ወር ያልሞላት፣ ገና በሙከራ ላይ ያለች። ሁለቱም ኮም. በርቷል። ጠረጴዛው ላይ ጥቁር ዲስኬት ነበር። ዞር ብዬ ስመለስ የለም። ሻርፗ ሥር ገብቷል እላለሁ። ምን ትሠሪያለሽ አልኳት። ልምምድ አለችኝ። ሰው ምሳውን ትቶ ይለማመዳል? ይህ አይዋጥልኝም።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 4፤ ጠዋት 1፡50

ማንም ሳይገባ የናፍጣውን በርሜል በእንጨት ለካሁ። ከዓርብ ወዲህ ሦስት ጣት ወርዷል። በሥራ ሰዓት የሚቃጠለውን አውቀዋለሁ፣ ሁለት ጣት አይሞላም። አንዷ ጣት የት ገባች? በርሜሉ በእኔ ስም ነው። ኮምፒውተሩም በእኔ ስም ነው። እዚህ ግቢ በእኔ ስም ያልሆነው ጥላው ብቻ ነው።

ይህን የሚያነብ ሌላ ሰው ካለ (ማንበቡ ራሱ ያስጠረጥራል) ለምን እንደምጠረጥር ይወቅ። የድሮው አስተዳደር ፈርሶ ክልሉ ሲቋቋም ዕቃ በየአቅጣጫው ተከፋፈለ። ያኔ አንድ የጽሕፈት መኪና ከእጄ ጠፋች። ሁለት ዓመት ኮሚቴ ፊት ቆምኩ። ባለቤቴ ገበያ ስትወጣ ሴቶቹ ዘንቢላቸውን ወደ ጉያቸው ሳብ ያደርጉ ነበር። በኋላ መኪናዋ ከሌላ ቢሮ፣ ካርቶን ውስጥ፣ ጨርቋን እንደለበሰች ተገኘች። ይቅርታ ያለኝ የለም። እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል። እኔ ልጡንም እመዘግበዋለሁ።

አንተን ራስህን፣ ደብተሬ፣ በሞ/22 ፈርሜ ነው የወሰድኩህ። አትርሳ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 5፤ 7፡40

ከዕቃ ግምጃ ቤቱ መስኮት የኮም. ክፍል ይታያል፤ መጋረጃው በአንድ በኩል ተቀዷል። ቆሜ አየሁ። ማፈር ነበረብኝ፣ አላፈርኩም። አስያ ዲስኬት ከአሮጌው ታወጣለች፣ አዲሱ ውስጥ ትከታለች። ትጠብቃለች። ትነቅላለች። እንደገና። ዞር ብላ በሩን ታያለች። ንጹሕ ሰው በር አያይም።

8፡20

ወደ ጓሮ ወጣች። ገባሁ። አዲሱ ስክሪን ላይ የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ቆሟል፣ አጠገቡ ቀይ ምልክት። ፊደሎቹን አንድ በአንድ መዳፌ ላይ ገለበጥኩ። ግ/ቤት ገብቼ መዝገበ ቃላት አወጣሁ። እጄ ላብ ስላለው ግማሹ ሊጠፋ ነበር። ቃል በቃል ፈልጌ ያገኘሁት ይኸው፦ የተፈለገው ፋይል የለም፣ ጎድሏል።

ጎድሏል። መሣሪያው ራሱ መሰከረ። ገቢ ባደረግሁት በሦስተኛው ቀን።

ካርቶኑን መልሼ ቆጠርኩ። ስክሪን አለ። ኪቦርድ አለ። ማውዝ አለ። ታዲያ የጎደለው ምንድን ነው? ውስጡ ያለ ነገር ነው ማለት ነው። ከውስጥ የጎደለን በምን እቆጥራለሁ? ምሳ አልበላሁም። አልራበኝም።

ሐሙስ፣ ኅዳር 6፤ 10፡30

ጻፍኩ። ለኃላፊያችን ለአቶ ፋሲል፣ በታሸገ ፖስታ፣ በእጄ። ሦስት ነጥብ። አንድ፦ ጸሐፊዋ በዝግ ሰዓት በር ቆልፋ ከመንግሥት ኮም. ላይ አንድ ነገር በዲስኬት እያወጣች ነው። ሁለት፦ ናፍጣ ይባክናል። ሦስት፦ አዲሱ መሣሪያ ጉድለት እንዳለበት ራሱ ገልጿል። ፊርማ። በላቸው፣ የዕቃ ግ/ቤት ኃላፊ።

አቶ ፋሲል አነበቡ። ፊታቸው ትንሽ ተለወጠ። መሳቢያ ውስጥ ከተቱት። በእጄ ይቆይ፣ ለማንም አትንገር አሉ። ንቁ ሠራተኛ ነህ አሉኝ። በሃያ ሦስት ዓመት አገልግሎት እንዲህ ያለኝ ኃላፊ የለም። ደረቴን ነፍቼ ወጣሁ።

የአስያ ቋሚ ቅጥር በሚቀጥለው ዓርብ በኮሚቴ ይታያል። ሰብሳቢው እሳቸው ናቸው። ከዚያ በፊት መድረሴ ጥሩ ሆነ።

አንድ ነገር ብቻ። ዲስኬቱ ላይ ምን እንዳለ አልጠየቁኝም። ሌባ ያዝኩ ስትለው ምን ሰረቀ የማይል ሰው አለ?

ሰኞ፣ ኅዳር 10፤ 8፡45

ዛሬ ጄኔሬተሩ በምሳ ሰዓት አልተነሳም። ዓርብም አልተነሳም። ደብዳቤዬ ሠርቷል።

አስያና የጥበቃው አቶ ኢብራሂም ማንጎው ሥር ቆመው ያወራሉ። በቤርታ ቋንቋ። ጠጋ አልኩ። ስጠጋ ሳቁ። አንድ ቃል ብቻ ለየሁ፦ ሙዲር። ኃላፊ ማለት ነው፣ ከዐረብኛው። ሙዲር፣ ሙዲር ይባባላሉ። ማን ነው ሙዲር የሚሆነው?

ለአንተ አልደብቅም። የምፈራውን ላውጣው። አዲስ ክልል ነው። የአገሬው ልጆች ቢሮ እየገቡ ነው። ይግቡ። ከዚህ በፊት በሩን ማን አሳያቸው? እውነት ይነገር ከተባለ ዘግይቷል። ግን አስያ መጻፍ ታውቃለች፣ ኮም. ታውቃለች፣ ሦስት ቋንቋ ታውቃለች። ነገ ሞዴል መሙላት ብትማር እኔን ምን ያደርጉኛል? ጎጃም ዘመድ የለኝም፤ ልጅ እያለሁ የወጣሁበት አገር ነው። ልጆቼ እዚህ ተወለዱ። እዚህ ደግሞ እንግዳ ነኝ። ደብዳቤውን ስጽፍ ይህ ፍርሃት ብዕሬን ገፍቶ ይሆን? አልመሰለኝም። አላውቅም።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 11፤ 8፡50

ምን እንደሆነ ልንገርህ።

ጄኔሬተሩ ተነሳ። ሄድኩ። አላንኳኳሁም፣ በመለዋወጫ ቁልፍ ከፈትኩ። አስያ ብድግ አለች። ዲስኬቱን አምጪ አልኳት። ሰጠችኝ። ምን አለበት አልኳት። አንገቷን ደፍታ ጨዋታ ነው ጋሽ በላቸው አለችኝ።

አሳዪኝ አልኩ። አሳየችኝ። ከላይ ጡብ ይወርዳል፤ ረጅሙ፣ አራት ማዕዘኑ፣ የተጣመመው። እያዞሩ፣ ክፍተት ሳይተዉ መደርደር ነው። ዕድሜዬን የሠራሁት ሥራ። ረድፉ ጢም ብሎ ከሞላ ግን ይጠፋል። በሥርዓት የተደረደረው ይጠፋል፣ የሚቀረው የተበላሸው ብቻ። ይህን የፈጠረ ሰው ግ/ቤት እንዳልሠራ ግልጽ ነው።

ጨዋታው አሮጌው ላይ ነበር። አሮጌው ወደ ቶንጎ ስለሚሄድ ወደ አዲሱ ማዛወር ፈልጋለች። መጀመሪያ የወሰደችው ስክሪኑ ላይ ያለችውን ትንሽ ሥዕል ነው። ሥዕሏ ጨዋታው የት እንዳለ ትጠቁማለች እንጂ ጨዋታው አይደለችም። ይህ ወዲያው ገባኝ። ከመደርደሪያው ቢን ካርዱን፣ የዕቃውን መግለጫ ወረቀት፣ ነቅለህ፣ ዕቃውን እዚያው ትተህ መሄድ ማለት ነው። ጎድሏል ያለውም እሱን ነው። ቀጥላ ጨዋታውን አመጣች፤ ተከፈተ፣ የተጫዋቾቹ ስም ዝርዝር ግን ባዶ ሆነ። ስሙም መምጣት አለበት ተባለች። በማን ተባልሽ አልኳት። ኪቦርዱን በሻርፗ ጫፍ ጠረገች። ዝም አይነቅዝም ይላሉ፣ እሷም ታውቃለች።

ዛሬ ከነማኅደሩ፣ በሁለት ዲስኬት፣ አጠገቧ ቆሜ አዛወረች። ከነስሙ ተከፈተ። ደስ አላት። እኔ ግን ወደ አሮጌው ዞርኩ። ክፈቺው አልኩ። ከፈተችው። ጨዋታው እዚያም አለ። ቅንጣት አልጎደለም።

አልተቀበልኩም። ድገሚው አልኩ። ደገመችው። ከአሮጌው ወጣ፣ አዲሱ ገባ፣ አሮጌው ላይም አለ። ደብተሬ፣ በሃያ ሦስት ዓመት ወጪ ያልሆነ ዕቃ ገቢ ሲሆን አይቼ አላውቅም። ከአንዱ ካልወጣ ለሌላው አይደርስም፤ ዓለም የቆመችው በዚህ ነው። በሞ/22 ምን ብዬ ልጻፈው? ከአሮጌው አጥፊው፣ ሒሳቡ ይዘጋ አልኳት። ለቶንጎዎቹም ይቅርላቸው፣ እነሱስ አይሰለቻቸውም አለችኝ።

እዚሁ አሮጌው ላይ ሞክሩት አለችኝ። እምቢ አልኩ። ከዚያ ሞከርኩት። ከዚያ ደገምኩት። በሦስተኛው ዘጠነኛ ወጣሁና ስሜን በእንግሊዝኛ ፊደል ጻፈችልኝ፤ ቦታው ስለጠበበ “በላ” ብሎ ቀረ። ደስ አለኝ። ልዋሽህ አልችልም፣ እንደ ልጅ ደስ አለኝ። ሌላውን ስም ማየት እንኳ ረሳሁ።

እሷም አንዴ ተጫወተች። እጇ እሳት ነው። አንደኛውን ልታልፍ ትንሽ ሲቀራት ጡቡን ሆን ብላ አጣመመችው። ቁልሉ ተበላሸ። ለምን አልኳት። ሳቀች ብቻ።

ረቡዕ፣ ኅዳር 12፤ ጠዋት 2፡30

አላስቻለኝም። በጠዋት ገብቼ የስሙን ዝርዝር ከአሮጌው ኮም. በወረቀት ገለበጥኩ። መነጽሬን አድርጌ። 1ኛ ፋሲል። 2ኛ ፋሲል። 3ኛ ፋሲል። እስከ አምስት ፋሲል። 6ኛ አስያ። 7ኛ ፋሲል። 8ኛ ፋሲል። 9ኛ እኔ።

ይህ መ/ቤት ውስጥ ስንት ፋሲል አለ? አንድ።

3፡40

አቶ ኢብራሂምን በር ላይ አገኘሁት። በእድሜ ይበልጠኛል፣ ዋሽቶኝ አያውቅም። በምሳ ሰዓት ጄኔሬተሩን ማን ያስነሳል አልኩት። ቆዳው በተጨማደደ እጁ ጺሙን ነካካ። እንዳለው እጽፈዋለሁ፦

“ሙዲር በጓሮ ይመጣል። ጄኔሬተር አንሳ ይላል፣ እኔ ያነሳል። ለሰው አትንገር ይላል፣ አልነገረም። ዛሬ አንተ ጠየቀኝ፣ ምን ልበል? አስያ ሌባ አይደለም፣ በላቸው። እሱ ታዞ ነው።”

እኔ እኮ ማወቅ ነበረብኝ። ናፍጣ ያለ አቶ ፋሲል ትእዛዝ አይነካም። የጓሮው በር ቁልፍ ከእኔ ሌላ የሚፈቀደው ለእሳቸው ብቻ ነው። ከመጀመሪያው ቀን ፊቴ ተንጠልጥሎ ነበር። አላየሁትም፤ ዓይኔ የመንጌዋ ልጅ ሻርፕ ላይ ነበራ።

11፡00

ደብዳቤዬን ልመልስ ገባሁ። ተሳስቻለሁ፣ የወጣ ነገር የለም፣ ጨዋታ ነው፣ እሱም ከቦታው አልተነሳም አልኳቸው። ስማቸውን አላነሳሁም። ሰው የሚወጣበት በር ሊተውለት ይገባል ብዬ።

በሩን አልፈለጉትም። ጭራሽ ጨዋታ ከሆነ ይብሳል አሉ። በመንግሥት መሣሪያ፣ በመንግሥት ናፍጣ። ደብዳቤህ ዓርብ ኮሚቴ ላይ ይነበባል፤ የልጅቷ የሙከራ ጊዜ በዚሁ ይቋጫል አሉ። ዓይናቸው አልተርገበገበም። ነገሩ ገባኝ። አንድ ሰው ስለ ምሳ ሰዓቱ ጄኔሬተር ከመጠየቁ በፊት ጠያቂውን በመልስ ቀድመውታል። መልሱ እኔ የጻፍኩት ነው። ፊርማው ጥርት ያለ።

ተናድጃለሁ። በእሳቸው ሳይሆን በራሴ። እሳቸው አልጻፉም።

ሐሙስ፣ ኅዳር 13፤ 6፡50

ልነግራት ሄድኩ። አባቷ መንጌ ወንዝ ዳር ወርቅ ያጥባል፤ ዘንድሮ እጁን ስላመመው ሁለቱ ታናናሾቿ የሚማሩት በእሷ ነው። ይህን የነገረችኝ ስላዘነች ሳይሆን፣ ዓርብ ቋሚ ከሆንኩ ታናሽ እህቴን አሶሳ አመጣታለሁ እያለች በደስታ ነው። የምትተኛበት አልጋ እንኳ አስጠርባለች። እኔ የመጣሁበትን ረሳሁት። አልረሳሁትም። ፈራሁ። ኮም. ላይ ያለውን ምንም እንዳትነኪ፣ ዕቃ ርክክብ ላይ ነው አልኳትና ወጣሁ።

እሺ ጋሼ አለች። ለምን እንኳ አላለችም። ሰው እንዴት እንዲህ ያምናል? እኔ እንዲህ ያለውን ሰው ነው የምጠረጥረው። ነበር።

10፡15

የቶንጎ መኪና ነገ ጠዋት 4 ሰዓት ላይ አሮጌውን ኮም. ይረከባል። ኮሚቴው 5 ሰዓት ነው። ሞ/22 መጻፍ አለብኝ። በኮም. ውስጥ ያለ ነገርም ዕቃ ነው ብሎ ደብዳቤ የጻፈው ማን ነው? እኔ። እንግዲያው ይመዝገብ።

ዓርብ፣ ኅዳር 14፤ ጠዋት 1፡40

ተጻፈ። በአምስት ቅጂ፣ ካርቦኑን አዲስ አድርጌ፣ ብዕሬን ጫን ብዬ።

ተራ ቁ. 1፣ ስክሪን። 2፣ ሣጥን። 3፣ ኪቦርድ። 4፣ ማውዝ። 5፣ የአቧራ ልብስ፣ የተቀደደ። 6፣ ጨዋታ፣ ጡብ የሚደረደርበት፣ ብዛት 1፣ ከነተጫዋቾቹ ስም ዝርዝር። ዝርዝሩም፦ ከ1ኛ እስከ 5ኛ አቶ ፋሲል፤ 6ኛ ወ/ሪት አስያ፤ 7ኛና 8ኛ አቶ ፋሲል፤ 9ኛ አቶ በላቸው፣ የዕቃ ግ/ቤት ኃላፊ።

የራሴን ስም ስጽፍ ቆም አልኩ። ባልጽፈው ማንም አያውቅም። ግን ካልጻፍኩት ዝርዝሩ ጎደሎ ነው፣ እኔ ደግሞ ጎደሎ ዝርዝር ፈርሜ አላውቅም።

3፡30

አቶ ፋሲል ሊፈርሙ ብዕር አንስተው ነበር። ተራ ቁ. 6 ላይ ደረሱ። ብዕሩ ቆመ። ሦስት ጊዜ አነበቡት። ይህ ምንድን ነው አሉ። ወጪ ዕቃ ነው አልኩ፤ አንድ ቅጂ ለቶንጎ፣ አንዱ ለፋይናንስ፣ አንዱ ለመዝገብ ቤት፣ አንዱ ለግ/ቤት፣ አንዱ ኦዲተር ሲመጣ የሚያየው።

ሰርዘው አሉኝ። በሞዴል ላይ ስርዝ ድልዝ አይፈቀድም አልኩ። መመሪያውን እሳቸውም ያውቁታል። ስምህ እኮ አብሮ አለ አሉኝ፣ ሊያስፈራሩኝ። አዎ፣ ዘጠነኛ ነኝ አልኩ።

ውጭ የቶንጎው መኪና ጡሩምባ ነፋ። አዲስ ሞዴል መጻፍ አይቻልም ወይ አሉ፣ በለሰለሰ ድምፅ። ይቻላል አልኩ፤ የተሳሳተ ነገር ከተጻፈ በእርግጥ ይታረማል። እኔም ባለፈው ሳምንት ሐሙስ የተሳሳተ ነገር ጽፌያለሁ፣ እሱ ቢመለስልኝ አልኩ።

መሳቢያው ተከፈተ። ፖስታው እጄ ገባ። አዲሱን ሞዴል እዚያው፣ እፊታቸው ጻፍኩ። እስከ ተራ ቁ. 5። ፈረሙ። አሮጌውን ቅደደው አሉኝ። የተበላሸ ሞዴል ከጥራዙ አይገነጠልም አልኩ፤ ተከታታይ ቁጥር አለው። “ዋጋ የለውም” ተብሎ ይመታበትና አምስቱም ቅጂ ባለበት ይቀራል። ግ/ቤት፣ ሦስተኛው መደርደሪያ፣ ቁልፉ እኔ ጋ። ወደ ደብዳቤው አዩ። ወደ እኔ አዩ።

6፡10

አስያ ቋሚ ሆነች። ሰብሳቢው ራሳቸው ታታሪ ናት ብለው አመሰገኗት አሉ። ቶንጎ የሚሄደው ኮም. ተጭኖ ሄደ፣ ጨዋታው በሆዱ እንዳለ። እዚህም አለ። አሁን አያስገርመኝም።

6፡40

ደብተሬ፣ መጥፎው ነገር አሁን መጣ።

አቶ ኢብራሂም ለአስያ ነግሯታል። የሚያውቀውን ብቻ፦ ሙዲሩ ሊያስባርራት ነበር፣ በላቸው ወረቀት ይዞ ገባና አዳናት። ሮጣ መጣች። እጄን በሁለት እጇ ይዛ ጎንበስ አለች። ዓይኗ እንባ ሞልቷል። ለአባቴ እነግረዋለሁ፣ እዚህ አባት አለኝ እለዋለሁ አለችኝ። ምሳ ይዤልዎት እመጣለሁ፣ አይሂዱ ብላ ወጣች።

ፖስታው ኪሴ ውስጥ ነው። ላቃጥለው እችላለሁ። ክብሪት ከግ/ቤት ወጪ ሳላደርግ እንኳ አቶ ኢብራሂም ጋ አለ። አንድ ቅጂ ነው ያለው። ቢቃጠል የሚያውቀው አቶ ፋሲል ብቻ ነው፤ እሳቸው ደግሞ ሦስተኛው መደርደሪያ እያለ አይናገሩም። እኔም እስከ ጡረታ አባቷ ሆኜ ምሳ እበላለሁ።

የጽሕፈት መኪናዋ የተገኘች ዕለት በሩ ላይ ቆሜ ነበር። አንድ ሰው መጥቶ በደልንህ ይለኛል ብዬ። ሰዎቹ ሰላም እያሉኝ አለፉ፤ አንዱ እንኳን ደስ ያለህ አለኝ። ያኔ ከዚያ ቃል ይልቅ ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ደብዳቤው ከመሳቢያው ወጥቷል፤ ከእኔ ግን አልወጣም። ያስተማረችኝ ራሷ ናት። አንድ ነገር ቦታውን ሳይለቅ ሌላ ቦታ ይገባል። እሷ ጋ ደግሞ ገና አልደረሰም።

ጠረጴዛውን ጠረግሁ። ፖስታውን ከፍቼ ወረቀቱን ዘረጋሁት፣ ፊርማዬ ወደ በሩ እንዲሆን አድርጌ። ተናድዳ ልትወጣ ትችላለች። ይገባታል። ምሳውን ይዛ ትመለስ፣ ወይም ፊቴ ላይ ትድፋው።

ኮቴዋ ኮሪደሩ ላይ ይሰማኛል። ሣህን ይንኳኳል። መነጽሬን አወለቅሁ፣ እንደገና አደረግሁ። በሩን ራሴ ልክፈትላት፣ እጇ ሙሉ ነው።